«ፊቴን ሸፍንልኝ»

አንድ ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው ነበረ፤ ስሙ ናሁሠናይ ይባላል። ማንም ዞር ብሎ የማያያቸውን ሰዎች ለሕዝብ ላሳይ ብሎ ከከተማው ዳር ወዳለው የቆሻሻ መጣያ ወረደ። እዚያም ከክምሩ ላይ ፕላስቲክና ቁርጥራጭ ብረት እየለቀሙ የሚኖሩ ይመኙሻል የሚባሉ እናት አገኘ።

ስምንት ወር ሙሉ ተመላለሰ። መጀመሪያ ሊያናግሩት አልፈለጉም። እያደሩ ግን ለመዱት፤ ምሳቸውንም ያካፍሉት ጀመር። አንድ ቀን ካሜራው ፊት ተቀምጠው ያሳለፉትን ሁሉ ነገሩትና አንድ ነገር ለመኑት።

«ፊቴን ሸፍንልኝ ልጄ። ሩቅ አገር የተዳረች ልጅ አለችኝ። እሷም አማቶቿም ሆቴል ቤት ልብስ አጣቢ መሆኔን ነው የሚያውቁት። በእኔ ምክንያት አንገቷን እንዳትደፋ።»

«እሸፍነዋለሁ እማማ፤ ቃሌ ነው» አላቸው።

ፊልሙን ማቀናበር ሲጀምር እንደ ቃሉ ፊታቸውን አደበዘዘው። ሲያየው ግን ታሪኩ ቀዘቀዘበት። ስለ ልጃቸው ሲያወሩ የሚንቀጠቀጠው ከንፈራቸው አይታይም። ሁለት ሳምንት አመነታ። በመጨረሻ «እውነት አይሸፈንም» ብሎ ራሱን አሳመነና ገለጠው።

ፊልሙ ታየ። አዳራሽ ሙሉ ሰው አለቀሰ፤ ተነሥቶም አጨበጨበ። ብዙም ሳይቆይ በቴሌቪዥን ተላለፈ።

ከወራት በኋላ ናሁሠናይ ብርድ ልብስ ይዞ ሊጠይቃቸው ሄደ። በጠራራ ፀሐይ እስከ ዓይናቸው ተከናንበው ሲለቅሙ አገኛቸው።

«ልጅዎ ደኅና ናት?» አላቸው።

«ስልኬን ማንሳት ከተወች አምስት ወር ሆናት። በቀደም ወልዳለች አሉ፤ ከሰው ነው የሰማሁት።»

መሬት መሬት እያየ «ዛሬውኑ ከፊልሙ ላይ አወጣዎታለሁ» አለ።

«ካዩኝ ሰዎች ዓይን ላይስ ታወጣኛለህ? አንተ ክፉ ሰው አይደለህም ልጄ። የለመንኩህ ግን አንድ ነገር ብቻ ነበር።»

አልረገሙትም። ብርድ ልብሱንም አልተቀበሉትም። ጆንያቸውን አንሥተው ወደ ክምሩ ተመለሱ።

ናሁሠናይ ልጅቷ ያለችበት ከተማ ድረስ ሄዶ በሯን አንኳኳ። ማን እንደሆነ ሲናገር በሩ ሳይከፈትለት ቀረ። እማማ ይመኙሻል የልጅ ልጃቸውን ሳያዩ በዚያው ክረምት ሞቱ።

ወዳጄ፣ ድሃ ሁሉን ያጣ ስለሚመስለን የሚቀማው ነገር ያለው አይመስለንም። ነገር ግን በሰው ፊት የሚቆምበት ክብር ይቀረዋል፤ እሱን ለበጎ ብሎ የወሰደበትም ቢሆን መልሶ ሊሰጠው አይችልም። አንተስ የሌላውን ችግር ለዓለም ስታሳይ ባለቤቱን ጠይቀሃል? «ይቅርብኝ» ያለህንስ ትተህለታል?