የሚወሰድበት ያልቀረ ንጉሥ

አንድ ሰው ነበረ፤ በሰንጠረዥ ጨዋታ በአገሩ የሚስተካከለው አልነበረም።

ፍሬሰንበት፣ የጠየቅኸኝ ስለ አጥር መሆኑን አልረሳሁም። ከጎረቤትህ ጋር በድንበር ተሟግተህ ረትተኸዋል። አሁን ደግሞ ከብቶቹን ወደ ወንዝ የሚያወርድባት መተላለፊያ በአንተ መሬት ውስጥ ስለዋለች፣ «ብዘጋበትስ ምን አለበት? ሕጉ ከእኔ ጋር አይደለም ወይ?» ትለኛለህ። ሕጉስ ከአንተ ጋር ነው። ቢሆንም ተቀመጥና ይህን ስማ። ፊትህን አታኮሳትር፣ ረጅም አይደለም።

ይህ ሰው የኮርቻ ሰፊ ልጅ ነበር። ጨዋታውን የተማረው በአባቱ ሱቅ፣ ኮርቻቸው እስኪጠገን ከሚጠብቁ መንገደኞች ጋር ነው። ሃያ ዓመት ሲሞላው በከተማው የሚገጥመው ጠፋ። ከዚያ በበቅሎ እየዞረ በየመኳንንቱ ቤት ሦስት ሦስት ቀን ይሰነብት ጀመር፤ በመጀመሪያው ቀን ይጋበዛል፣ በሁለተኛው ቀን ጋባዡን ያሸንፋል፣ በሦስተኛው ቀን የጋባዡ ኩርፊያ እስኪበርድ ይጠብቃል። በመጨረሻ የአገሩ ገዥ ደጃዝማች ዝናውን ሰምተው አስጠሩት። በእሳቸው ግቢ በየዓመቱ ከፋሲካ በኋላ ግጥሚያ ይደረግ ነበር። ያሸነፈው የሰንጠረዥ አለቃ ይባልና ዓመቱን ሙሉ በግብር ላይ ከደጃዝማቹ በስተቀኝ ይቀመጣል። የእኛ ሰው ያችን ወንበር አሥራ አንድ ዓመት ያዛት። ክብሩም እንጀራውም እሷ ነበረች፤ ኮርቻ መስፋቱንማ ረስቶታል።

አንድ አመል ግን ነበረው። ማሸነፍ ብቻውን አያጠግበውም። የተጋጣሚውን ንጉሥ በሁለት እርምጃ መግደል ሲችል አይገድለውም። መጀመሪያ ዝሆኖቹን ይወስዳል፣ ቀጥሎ ፈረሶቹን፣ ከዚያም ወታደሮቹን አንድ በአንድ እየለቀመ በመጫወቻው ቀይ ጨርቅ ጠርዝ ላይ ይደረድራቸዋል። እየደረደረም «ይህን ፈረስ ማን ነው ያስራበው?» እያለ ይቀልዳል። ተመልካቹ ይስቃል፤ ተጋጣሚው ላብ በላብ ይሆናል። ሰውየው ያሸነፈ የሚመስለው ያንን ላብ ሲያይ ነበር።

በዚያ አገር ልማድ ግን ሠራዊቱ አልቆ ብቻውን የቀረ ንጉሥ አይገደልም። ከጎኑ ቢያንስ አንድ ወታደር መኖር አለበት። እሱም ከተወሰደ ጨዋታው እኩል ይባላል፤ በእኩል ደግሞ አለቅነት አይጸናም። አለቃው ይህን ከማንም በላይ ያውቃል። እንዲያውም ኩራቱ እዚያ ላይ ነበር፤ ተጋጣሚውን እስከ አንድ ወታደር ያራቁትና ንጉሡን የዚያን ጊዜ ይገድለዋል።

በአሥራ ሁለተኛው ዓመት ከሐይቁ ማዶ አንድ ታንኳ ቀዛፊ ሊገጥመው መጣ። ጨዋታውን የለመደው ነፋሱ እስኪበርድ ከሚጠብቁ ተሳፋሪዎች ጋር ነው። ይህን ያህል የሚያስፈራ ተጫዋች አልነበረም፤ ራሱም ያውቀዋል። የመጣው ለግብሩ ብሎ ነው ያሉም አልጠፉ። አለቃው ዝሆኑን ሲወስድበት ቀዛፊው መረቀው። አንዱን ፈረስ ሲወስድበት በዚያ ሰሞን ስለተያዘ አንድ ትልቅ ዓሣ ያወራው ጀመር። ላብ የሚባል ነገር ግንባሩ ላይ አልታየም። አለቃው ውስጡ ተቃጠለ። ይህን ሰው ሳላስጨንቅ አልለቀውም ብሎ ወሰነ።

በዚያ አገር ተመልካች ዝም ብሎ አይቀመጥም፤ ከዳር ሆኖ መምከር ደንብ ነው። ቀዛፊው ከንጉሡ ሌላ አንድ ፈረስና አንድ ወታደር ብቻ ሲቀሩት፣ እልፍኙ በሙሉ ግደለው ይል ጀመር። መግደያውም ወለል ብሎ ይታያል። ደጃዝማቹ ሳይቀሩ ቶሎ ይጨርስ፣ ወጡ ቀዘቀዘ አሉ። አለቃው ግን ፈረሱ ይቀራል ብሎ መለሰና ፈረሱን ወሰደ።

እሱ እንደገና ለመግደያው ሲመቻች፣ ቀዛፊው ንጉሡን ትቶ ያንን ብቸኛ ወታደር ወደ ፊት ይነዳው ጀመር። ማንም ልብ አላለውም። አንድ እርምጃ፣ ሌላ እርምጃ፣ በኋላ ወታደሩ ከአለቃው ንጉሥ አፍንጫ ሥር ደርሶ ቆመ።

«ጌታዬ፣ ንጉሥዎን ይጠብቁ» አለ ቀዛፊው።

ከዳር ሣቅ ተሰማ። አለቃው ንጉሡን አንድ እርምጃ ቢያሸሸው በሚቀጥለው ጨርሶታል። ግን ንጉሥ ከአንድ እግረኛ ይሽሽ? ያውም በደጃዝማቹ ፊት? እጁም ቢሆን አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ የለመደው መውሰድ ነው። አነሣና ወሰደው። ከሌሎቹ አጠገብ ሊደረድረው እጁን ሲዘረጋ ነው ያደረገውን ያወቀው። ያን ጊዜ ላቡ በራሱ ግንባር ላይ ችፍ አለ።

ቀዛፊው ጨርቁን ቃኘ። «እንግዲህ ከእኔ የሚወሰድ የለም፣ ጌታዬ። ከፈለጉ እስከ ክረምት እንጫወት» አለው።

ደጃዝማቹ እንባቸው እስኪፈስ ሣቁ። ልማዱን ግን አላፈረሱም፤ ወንበሯ ዓመቱን ባዶዋን ከረመች፣ አለቃውም ወርዶ በር አጠገብ ተቀመጠ። ያን ዕለት ቤቱ ሲገባ ሚስቱ እንዴት ዋልክ አለችው። ያልወሰደበት ነገር እንደሌለ ነገራት። «ታዲያ አሸነፍከው?» አለችው። እሱ የአባቱን ወስፌ ፍለጋ ወደ ጓዳ ገባ።

ዓመቱን ጣቱን በወስፌ እየወጋ ኮርቻ ሲሰፋ ከረመ። በሚቀጥለው ፋሲካ ተመልሶ ገጠመ፤ የተጋጣሚው ፈረሶችና ዝሆኖች በሙሉ እንደቆሙ ንጉሡን ገደለ። ተመልካቹ የዘንድሮው ጨዋታ ጣዕም የለውም ብሎ አጉረመረመ። እሱ ግን ወጡ ሳይቀዘቅዝ እጁን ታጥቦ ከደጃዝማቹ በስተቀኝ ተቀመጠ፤ እስኪያረጅም ከዚያች ወንበር የነቀነቀው አልተገኘም።

እና ፍሬሰንበት ልጄ፣ ያ አለቃ አንተ ነህ። አትቆጣ፤ ጎበዝ ተጫዋች ነው ያልኩህ። ጎረቤትህ ድንበሩን አጥቷል፣ ሙግቱን አጥቷል። የቀረችው ያቺ መተላለፊያ ናት። እሷ እስካለችለት ድረስ ጠዋት ጠዋት በደጅህ ሲያልፍ ሰላም ይልሃል፤ ከብቶቹ ማሳህን እንዳይነኩም በዱላ ይመልሳል፣ መንገዷ እንዳትዘጋበት ይፈራላ። ዝጋበትና እየው። ከዚያ ወዲያ የምትወስድበት የለም፤ የምትወስድበት የሌለውን ሰው ደግሞ በምን ታስፈራዋለህ? በሚቀጥለው ሳምንት ከብቶቹ በማሳህ መሀል ይወርዳሉ። ትከሰዋለህ፣ ይመጣል። ትረታዋለህ፣ ተመልሶ ይነዳቸዋል። እሱ ሥራ ፈትቷል፣ አንተ ግን የሚታጨድ ጤፍ አለህ። ዳኛው የፈረደልህን ድል እሱ ራሱ እንዲያጸናልህ ከፈለግህ፣ የሚሳሳላትን አንዲት ነገር ተውለት።

በል አሁን ተነሥ። ለአጥሩ ያስፈለጥከው እንጨት ግን አይባክን፤ በር ሥራለት።