እንጨት በጎተራ

አንድ ገበሬ ነበረ። የእሱን ነገር የማነሳልህ፣ ዲያቆን፣ ቅድም ከቅዳሴ ስንወጣ «የኔታ፣ ስለ እምነቴ ጥያቄ ሲመጣብኝ እፈራለሁ፤ ዝም ብዬ ባፍነው አይሻልም?» ስላልከኝ ነው። ተቀመጥና ስማ።

ይህ ገበሬ እህል በመጠበቅ የሚስተካከለው አልነበረም። ጎተራውን በጭቃና በእበት አጥብቆ ይመርገዋል፤ ነቀዝ መግቢያ አያገኝም። ሚስቱ አርግዛ ነበርና መውለጃዋ ክረምት ላይ ሊውል ሆነ። ደግ ባል ስለነበር ማገዶውን አስቀድሞ አሰበበት። ወይራ ቆርጦ ፈለጠ፤ ገና እርጥቡን ባዶ ጎተራ ውስጥ ጠቅጥቆ አፉን መረገው። «እህል በዚህ ከተጠበቀ እንጨት ምን ይሆናል?» አለ። አትሳቅ፤ አንተም ብትሆን ያንኑ ታደርግ ነበር።

በጎረቤቱ ያለች አንዲት ባልቴት ግን እንጨቷን የምትደረድረው ደጅ፣ በድንጋይ ላይ ከፍ አድርጋ ነው። ከላይ ሣር ታለብሰዋለች፤ ጎኑን ለነፋስ ትተወዋለች። ገበሬው ባለፈ ቁጥር ያዝንላት ነበር።

ሐምሌ ላይ ሚስቱ ወለደች። ዝናቡ አያባራም፤ አራሷ ትንቀጠቀጣለች፤ የገንፎው ውሃ ተጥዷል። ሰውየው ጎተራውን ሲከፍት የሻጋታ ሽታ ተቀበለው። እንጨቱ አጨሰ እንጂ አልነደደም። ሕፃኑ በጭሱ ሲስል አባትየው እሳቱን ትቶ ተነሣ።

በዝናብ ወጥቶ ወደ ባልቴቷ ክምር ሄደና እጁን እስከ ክርኑ መሃሉ ከተተ። ደረቅ ነው። ግራ ገብቶት ሳለ ባልቴቷ ከቤቷ ብቅ አለች።

«እማማ፣ ይህን ሁሉ ነፋስ እየመታው እንዴት ደረቀ?» አላት።

«ነፋሱ አይደል እንዴ ያደረቀው! አንተ እርጥበቱን ዘግተህበት በየት ይውጣ? በል ተሸከም፣ አራሷ ትሙቅ» አለችው።

ተሸክሞ ገባ። ገንፎው ተገነፋ፤ እናትና ልጅ ሞቁ።

ልጄ፣ አንተም እንደዚያ ገበሬ ነህ። ጥያቄውን የምትፈራው ከውጭ የሚመጣ ጠላት መስሎህ ነው፤ እርጥበቱ ግን ያለው ውስጥህ ነው። ካፈንከው ሲሻግት አታየውም። የምታውቀው አንድ ቀን ሐዘን የመታው ሰው ሊጽናና ደጅህ ሲመጣና የምትሰጠው ሙቀት ስታጣ ነው። እምነትህን ከላይ፣ እንደ ሣሩ፣ ጸሎትህን አልብሰው፤ ጎኑን ግን ክፈተው። በል አሁን ያፈንከውን ጥያቄ አምጣው። እኔም መልሱን ላላውቀው እችላለሁ፤ አብረን እናየዋለን።