የዘጊት ኮረብታና በመቀነት የታሰረው መጽሐፍ

እንጉዳይ የምትባል ሴት አስከሬኑ ላልተገኘው ባሏ ለቅሶ የተቀመጠችው ፈንጣጣ አገር በፈጀ በሰባተኛው ዓመት፣ በሰኔ ወር፣ ዛሬ ዘጊት በምትባለው ኮረብታ ላይ ነው። የኮረብታዋ ስም ከዚያ ቀን እንደመጣ ሽማግሌዎች ይናገራሉ። እስከ ዛሬም በዘጊት ዙሪያ ከሄደበት ሳይመለስ ለቀረ ሰው ለቅሶ የሚጀመረው፣ አንድ መጽሐፍ በሴት መቀነት ታስሮ ከሕዝቡ ፊት ሲቀመጥ ነው። መቀነቱ ሳይቋጠር ማንም አይጮኽም፤ ከተቋጠረ በኋላ ደግሞ የሰውየውን መመለስ የሚያነሳ የለም።

እንደሚነገረው፣ የእንጉዳይ ባል ይርዳው ፈንጣጣው ከመግባቱ ጥቂት ቀደም ብሎ ጨው ሊያመጣ ከነጋዴዎች ጋር ወደ ቆላ ወርዶ ነበር። ነጋዴዎቹ ሲመለሱ እሱ አብሯቸው አልነበረም። አንዱ ወንዝ ዳር ታሞ ትቼው መጣሁ አለ፣ ሌላው ከዚያ በኋላ ገበያ ላይ አይቼዋለሁ አለ፤ ሞቷል ብሎ የሚምል ግን ጠፋ። በአገሩ ደንብ መርዶ ካልተነገረ ለቅሶ የለም፤ ለቅሶ ከሌለም ሴቲቱ የሟች ሚስት አይደለችምና መሬት አትካፈልም። መሬቱን ጠቅልሎ የሚያርሰው የይርዳው ታናሽ ወንድም ደምለው ነበር። እንጉዳይ ዓመት ካመት ከእሱ ጎተራ እየተሰፈረላት ኖረች። ሌላ እንዳታገባ ባል አላት፤ ባል አለኝ እንዳትል ቤቷ ባዶ ነው።

በኮረብታዋ ቤተ ክርስቲያን «መጽሐፈ ፍናው» የሚባል የብራና መጽሐፍ ነበር ይባላል። ፍናው በግዕዝ መንገዶች ማለት ነው። ከዚህች ዓለም ጎን እሷኑ የሚመስሉ ሌሎች ዓለማት አሉ፣ ሰውም በእያንዳንዳቸው ሌላ ዕጣ አለው ይላሉ፤ መጽሐፉም ይህን ሁሉ ዕጣ እንደ ዛፍ ቅርንጫፍ እየተለያዩ በሚሄዱ መስመሮች ስሎ የያዘ ነበር። ጠባቂው መሪጌታ ፍሥሐ የሰውየውን የክርስትና ስም ይጠይቁና፣ ቅጠሉን አግኝተው መስመሩን በስንደዶ እየተከተሉ ያነባሉ።

እንጉዳይ ስንት ጊዜ ወደ ኮረብታዋ እንደ ወጣች የሚያውቅ የለም። በወጣች ቁጥር የምትሰማው ሌላ ነው። በአንዱ ዓለም ይርዳው ወንዙን በደህና ተሻግሯል፤ በሌላው ንዳድ ገድሎታል፤ በሌላው ጭራሽ ከቤቱ አልወጣም፣ ይሄኔ እያረሰ ነው። መሪጌታው ሁሉም እውነት ነው ይሏታል።

«እሺ የኔታ፣ እኔ ያለሁት የትኛው ላይ ነው?» አለቻቸው አንድ ቀን።

«እሱን መጽሐፉ አይልም። መንገዱን ነው የሚያሳየው።»

«እንዲህማ ከሆነ ገበያተኛውም ነግሮኛል። አንዱ ታሟል ብሎኛል፣ አንዱ አየሁት ብሎኛል። እነሱ እንኳ አቀበት አላስወጡኝም።»

መሪጌታው ተቆጡ ይባላል። ደምለው ግን መጽሐፉን ወደደው። አብሯት ይወጣና ከተነበበው ውስጥ የሚመቸውን ይመርጣል። ቁልቁለቱን ሲወርዱ «እታለም፣ እያረሰ ነው ሲሉ አልሰማሽም? በቁሙ ላለ ሰው ጥቁር ልትለብሺ ነው?» ይላታል። ሽማግሌዎቹም መጽሐፉ ቁርጡን እስኪናገር እንጠብቅ እያሉ ነገሩን ከክረምት ወደ በጋ፣ ከበጋ ወደ ክረምት አሻገሩት።

በዚያ ሰኔ ነገሩ ያታከታቸው ሽማግሌዎች ራሳቸው ወጥተው በቤተ ክርስቲያኑ ቅጽር ተቀመጡ፤ የአገሩ ሰውም ተከትሏቸው ወጣ። መሪጌታው እስከዚያ ያላነበቡት መስመር አገኙ። በዚያኛው ዓለም ይርዳው ዛሬ ጠዋት ቤቱ ገብቷል፣ ሚስቱም እግሩን እያጠበችው ነው። እንጉዳይ እስከዚህ ድረስ ቆማ ሰማች። ከዚያ ቀረብ አለችና መጽሐፉን ከነስንደዶው ዘጋችው፤ መቀነቷንም ፈትታ ዙሪያውን ጠፍራ አሰረችው።

«እዚያ ያለችው እንጉዳይ ባሏን ትጠበው» አለች። «እኔ እዚህ ነኝ። አልቅሱልኝ።»

መሪጌታው ብራናው ይታጠፋል ብለው አጉረመረሙ። ከዚያ አንዲት አሮጊት ጮኸች፤ ሴቶቹም ተቀበሏት። በዚያ አገር የወንድም ለቅሶ እየተለቀሰ ቆሞ የሚያይ ወንድ የለምና፣ ደምለው ሳያስበው ኩታውን አገልድሞ «ወንድሜን፣ ወንድሜን» እያለ ደረቱን ደቃ። ከደቃ በኋላ ነው የሠራው የገባው። ይህ ለቅሶ አይደለም፣ ወንድሜ አለ ብሎ ሊከራከር ሲነሳ፣ አንዱ ሽማግሌ «ታዲያ ደረትህን ማን ደቃልህ?» አሉት። ሰው ሳቁን በነጠላው ሸፈነ፤ መሬቱም ተከፈለ።

እንጉዳይ ድርሻዋን አሳረሰች፣ አገባች፣ ወለደች። ኮረብታዋም በእሷ ዘጊት ተባለች። መጽሐፈ ፍናውን ከዚያ ወዲህ የገለጠው የለም ይባላል። ዛሬ ለለቅሶ የሚታሰረው ያው መጽሐፍ ነው የሚሉ አሉ፤ ተራ ዳዊት ነው የሚሉም አሉ።

ብዙ ዓመት ቆይቶ የጨው ነጋዴዎች ከቆላ ወሬ ይዘው ወጡ። ይርዳው የሚባል፣ አንድ እግሩ የተሰበረ ደገኛ በጨው ገበያው ከተማ ሲኖር ቆይቶ የሞተው ነጋዴዎቹ እዚያው ሳሉ ነበር፤ የቀበሩትም እነሱው ነበሩ። ወደ አገሩ ያልተመለሰው ሚስቱ እንጉዳይ በፈንጣጣ ሞታለች ስለተባለ ነው፤ በየዓመቱም ተዝካሯን ያወጣ ነበር። መርዶዋን እዚያው ድረስ ወርዶ የነገረው ታናሽ ወንድሙ ደምለው ነው።