የአንበሳው ሰገነትና ባለ ሁለት መስመሩ ስፌት

አንድ ጊዜ አያ አንበሶ የጎሽ ቅልጥም ሲቆረጥም ሁለት የመንጋጋ ጥርሶቹ ከነሥራቸው ተነቃነቁ። አገሩ ሁሉ ያገሣ መስሎት ሸሸ እንጂ፣ እሱስ የጮኸው «እምዬ!» ብሎ ነበር። ሐኪሙ ጉሬዛ ተጠርቶ መጣና፣ ለመሸሽ እንዲመቸው ጀርባውን ወደ በሩ ሰጥቶ አፉን አየለት።

«ጌታዬ፣» አለ ጉሬዛ፣ «ከእንግዲህ አጥንት የለም፤ ጠንካራ ሥጋም የለም። የተቀቀለ ጎመን ይብሉ።»

«ጎመን? እኔ? ጎመን?»

«ጎመን። አለዚያም በጣም ለስላሳ ሥጋ።»

ፍርፋሪ ለመልቀም በር ላይ የተኛው አያ ጅቦ ይህን ሲሰማ ጉሮሮውን ጠረገ። «የአህያ ሥጋ እንደ ቅቤ ነው ይባላል፤ እኔ ምን አገባኝ፣ ለጥርስዎ አስቤ ነው።»

ሁሉም ዞሮ እመት አህዪትን አየ። እመት አህዪት የአንበሳው ውሃ ቀጂ ነበረች፤ ያን ጊዜም ጭነቷን ሳታራግፍ ደጃፉ ላይ ቆማለች። ጆሮዋ ቀጥ አለ፤ አህያ ስታስብ ጆሮዋ ይቀድማል።

«ጌታዬ፣ ጎመኑን እኔ አበቅልልዎታለሁ!» አለች።

«የት? ሜዳው ላይ የተተከለውን ሁሉ ከርከሮ ይገለብጠው የለም እንዴ?»

«እዚሁ፣ ሰገነትዎ ላይ።»

ሰገነት የሚባለው ከዋሻው አፍ ፊት ለፊት የተዘረጋ፣ ወደ ገደሉ ትንሽ ያዘነበለ ጠፍጣፋ አለት ነው። ፀሐይ አለው፣ ነፋስ አለው፣ ከርከሮ አይደርስበትም። የሌለው አንድ ነገር አፈር ብቻ ነው።

«ድንጋይ ላይ ጎመን!» ብሎ ጅቦ እስኪንከባለል ሳቀ።

«በከረጢት ነዋ፣» አለች እመት አህዪት። «ከረጢቱን አፈር እንሞላዋለን፣ አለቱ ላይ እናቆመዋለን፣ ጎመኑን እላዩ ላይ እንተክላለን። ቁም ነገሩ ከረጢቱን መምረጥ ነው።»

አንበሳ ያበጠ ጉንጩን በመዳፉ ደግፎ አሰበ። «መልካም። ሃምሳ ቀን ሰጥቼሻለሁ። እስከዚያ የጅግራ እንቁላል እየጠጣሁ እቆያለሁ። በሃምሳኛው ቀን ድስቴ በጎመን ካልሞላ ግን . . .» ነገሩን ሳይጨርስ ከታፋዋ እስከ ትከሻዋ በዓይኑ ለካት።

«ድስቱማ ባዶውን አይጣድም!» ብሎ ጅቦ ጨረሰለት።

ይህን ጊዜ አያ ቀበሮ፣ ቀጭኑና አፈ ጮሌው፣ ጭራውን እየጠቀለለ ቀረበ። «ጌታዬ፣ ነገሩን ሁሉ በአንዲት አህያ ጀርባ ላይ መጫን ብልህነት አይደለም። እኔም ላልማ፣ ጅቦም ያልማ። ያሸነፈ የሰገነት አለቃ ይባል። ከእንቁላሉም በየቀኑ ሁለት ሁለት ይታሰብለት።»

ቀበሮ ጎመን ወድዶ አልነበረም። ልቡ የነበረው እንቁላሉ ላይ ነው።

አንበሳው ፈቀደና በሦስተኛው ቀን ሦስቱም ከረጢታቸውን ይዘው ቀረቡ። ቀበሮ ከተበተነ ገበያ የለቃቀመውን ፌስታል ዘረጋ፤ ቀይ፣ ቢጫ፣ ሰማያዊ። ነፋስ ሲነካው ይንሿሿል፣ ፀሐይ ሲያገኘው ያብለጨልጫል።

«ይኸው! ቀላል፣ ውብ፣ ደግሞ ውሃ አያስወጣም። ጠብታ አይባክን!»

ሰገነቱ ሠርግ ቤት መሰለ። አንበሳው ወደደው።

አያ ጅቦ ስልቻ አመጣ፤ ከሙሉ የፍየል ቆዳ የተሠራ። እውነቱን ለመናገር ስልቻ ብርቱ ነገር ነው፤ እህል ቢጭኑበት ዘመን ያስቆጥራል። ምርጫው መጥፎ አልነበረም። ክፋቱ ከመራጩ ነው።

«ምኑን አይተህ መረጥከው?» አለው አንበሳ።

«ሽታውን፣» አለ ጅቦ ምራቁን እየዋጠ።

እመት አህዪት መጨረሻ መጣች። የተሸከመቻቸው ስድስት ከረጢቶች ጭቃ የመሰሉ፣ ሸካራ፣ ከአሮጌ የጭነት መኪና ሸራ የተሰፉ ነበሩ። እያንዳንዳቸው ሁለት ሁለት መያዣ ጆሮ አላቸው።

«እነዚህን ከየትኛው መቃብር አወጣሻቸው?» አለ ቀበሮ አፍንጫውን ይዞ።

«ከገበያው ጥግ፣ ከተጣለው ክምር። አርባ ሞክሬ ያለፉት ስድስቱ ናቸው።»

«ደግሞ ከረጢት እንዴት ይሞከራል?»

መጠየቅ አልነበረበትም። እመት አህዪት ስለ ከረጢት የሚጠይቃት ስትጠብቅ ነው የኖረችው።

«እኔ ዕድሜዬን ሙሉ ጆንያ ተሸክሜያለሁ። ከረጢት መጀመሪያ የሚከዳው ሆዱ ላይ እንዳይመስላችሁ፤ ስፌቱ ላይ ነው። ስለዚህ ገልብጬ ስፌቱን አያለሁ። አንድ መስመር ከሆነ ይቅርብኝ፤ ሁለት ከሆነ እንነጋገራለን። ከዚያ ድንጋይ ሞልቼ ጆሮውን ነክሼ አነሳዋለሁ። ጆሮው አፉ ላይ ብቻ ከተሰፋ ይገነጠላል። የዚህን ግን እዩት፤ በሥሩ ዞሮ ነው የመጣው፣ ከረጢቱን አቅፎታል። ከዚያ ውሃ አፈስበታለሁ . . .»

«ከረጢቱ ውሃ ሊያፈስ?» አለ ጅቦ።

«ሊያፈስ እንጂ! ሥርም እንደ እኛ ይተነፍሳል። ውሃ ከቆመበት ይበሰብሳል፤ ሸራው ትርፉን ያንጠባጥባል። ደግሞ ፌስታል ፀሐይ ላይ ሲሰነብት እንደ ደረቀ ቅጠል . . .»

አንበሳው አዛጋ፤ ማዛጋቱ ጥርሱን አሳመመው። «በቃ! በቃሽ! ትከሉ!»

«አፈሩ ፍግ ይፈልጋል፣» አለች ቶሎ ብላ።

«ፍግ ደግሞ ከየት ሊመጣ ነው?» አለ ቀበሮ።

«እሱን ለእኔ ተዉት፣» አለች እመት አህዪት በትሕትና።

ቦታ ሲከፋፈሉ ቀበሮ የዋሻውን ደጅ ያዘ፣ ጅቦ መሃሉን ያዘ። ለእመት አህዪት የቀረላት የገደሉ ጫፍ ነበር። ከእያንዳንዱ ከረጢት ሥር ጠጠር ደልድላ፣ ውሃው መሄጃ እንዲያገኝ አድርጋ አቆመቻቸው።

በሃያኛው ቀን የቀበሮ ጎመን ከሁሉ ለምልሞ ታየ። በሠላሳኛው ቢጫ ሆነ።

«ምን ሆኖ ነው?» አለ አንበሳ።

«ወርቃማ ጎመን ነው ጌታዬ። የነገሥታት ዘር!»

በአርባኛው ቀን የነገሥታቱ ዘር መሽተት ጀመረ።

የጅቦ ነገር ሌላ ነው። መጀመሪያ ስልቻውን በየማለዳው ይልሰዋል፤ ሲጠየቅ «አቧራውን ላራግፍለት ብዬ ነው» ይላል። ቀጥሎ ጠርዙን ቀመሰ። ቀጥሎ ጠርዙን የመሰለውን ሁሉ። ስልቻው በየቀኑ እያጠረ ሄዶ በመጨረሻ ጎመኑ ቆብ በሚያክል ቆዳ ላይ ቆሞ ተገኘ፤ በማግስቱ ቆቡም የለም። አፈሩን ነፋስ ወሰደው።

«ስልቻህስ?» አለው አንበሳ።

«ጎመኑ በላው ጌታዬ። እኔ ጎመን ቆዳ ይበላል ብዬ መች ጠረጠርኩ!»

ስልቻው ቢያልቅም ጅቦ አላዘነም። በየቀኑ ወደ እመት አህዪት እየመጣ ታፋዋን ያሸታል። «አሥር ቀን ቀረሽ እህት ዓለም። ይህን ሁሉ ውሃ ስታመላልሺ ብዙ አትልፊ፤ ትከሺያለሽ።» እሷም በከረጢቶቿ መሃል እየዞረች ስፌታቸውን አንድ በአንድ ታያለች። «አደራ፣» ትላቸዋለች በሹክሹክታ፣ «አደራ እንግዲህ።»

ሃምሳኛው ቀን ደረሰ። አንበሳ ድስቱን ታቅፎ ወጣ። ጅቦ በርበሬ ይዞ ተከተለው፤ ለምን በርበሬ እንደያዘ ለእመት አህዪት መንገር አያስፈልግም ነበር።

አንበሳው ከደጁ ካለው ጀመረ። ቀዩን ፌስታል በአፉ በኩል ይዞ ብድግ ቢያደርገው፣ ፀሐይ ያደረቀው ፌስታል ፍርክስክስ አለ። ሃምሳ ቀን የተጠራቀመ ጥቁር ውሃ ከበሰበሰው ጎመን ጋር ራሱ ላይ ተገለበጠ። ድስቱም ራሱ ላይ ተደፋ። አለቱ ረጠበ፤ የአንበሳ እግር ከዳው፤ ንጉሡ በጀርባው ወደ ገደሉ መንሸራተት ጀመረ።

ቢጫውን ያዘ፤ ተቀደደ። ሰማያዊውን ያዘ፤ ተቀደደ። መሃል ሲደርስ የጅቦን ስልቻ ሊይዝ እጁን ዘረጋ። ስልቻው ግን ጅቦ ሆድ ውስጥ ነው።

«ያዙኝ!» ይላል ከድስቱ ውስጥ።

የኋላ እግሮቹ ከገደሉ አልፈው አየር ሲረግጡ፣ አንድ ጥፍሩ የመጨረሻውን የሸራ ከረጢት ጆሮ አገኘ። ከረጢቱ ተሳበ። ስፌቱ ሲጥ አለ።

«ይቀደዳል!» አለ ቀበሮ።

እመት አህዪት ለአንድ አፍታ ቆመች። ከረጢቱ ቢቀደድ አንበሳም የለ፣ ድስትም የለ፣ በርበሬም የለ። ነገር ግን መሸከም የለመደች ናትና የሚወድቅ ጭነት ዐይታ ዝም ማለት አታውቅበትም። ዘልላ ሁለተኛውን ጆሮ በጥርሷ ነከሰች፣ አራት እግሯን አለቱ ላይ ተከለች።

«አይፍሩ ጌታዬ!» አለች ጆሮውን እንደነከሰች። «ሁለት መስመር ነው! ጆሮው በሥሩ ነው የዞረው!»

ስፌቱ ያዘ። ድስቱ ከአንበሳው ራስ ወልቆ ወደ ገደል እየተንቋቋ ወረደ። ፊቱም ጎመኑ ውስጥ ተቀበረ። እመት አህዪት እየሳበች፣ እሱ እየቧጠጠ፣ መሃል ላይ ከጎመኑ ውስጥ ሌላ ድምፅ ተሰማ፤ ቁርጥም፣ ቁርጥም።

«ጌታዬ፣ ይውጡ እንጂ!»

«ቆይ፣» አለ አንበሳ እንደተንጠለጠለ። «ይጣፍጣል እኮ። ጨው ብቻ ነው የቀረው።»

አንበሳው ወጥቶ ጭቃውን እንዳራገፈ፣ እመት አህዪት የሰገነት አለቃ ተባለች። እንቁላል ስለማትበላ ሁለቱ እንቁላል ይቅርና ሁለት ተሸካሚ ይሰጠኝ አለች፤ ቀበሮና ጅቦም ተሰጧት። ቀበሮ ነፋስ የበተነውን ፌስታል ከገደሉ ሥር ይለቅም ጀመር። ጅቦ ደግሞ ፍግ ያመላልሳል፤ እሷም ከኋላ ከኋላው እየሄደች «ሥሩን ያዝ እንጂ ጅቦ! ጭነት ከሥሩ ነው!» ትለዋለች፤ ለምን ከሥሩ እንደሆነም ከመጀመሪያ ጀምራ ታስረዳዋለች። ጅቦ ከፍጉ ይልቅ የከበደው ማብራሪያው ነበር።

ከዚህ የምንማረው ከረጢት የሚመረጠው ጭነት ሲያርፍበት በሚይዘው ስፌቱ እንጂ በቀለሙና በሽታው እንዳልሆነ፣ ጅብ ደግሞ ጭራሽ ቆዳ እንዲመርጥ እንደማይላክ ነው።