ቶኩዞ ያመጣው ውሻ

በአንድ ወቅት፣ በጃፓን ተራሮች ሥር፣ ከዛፍ ልጣጭ ወረቀት እየሠራ የሚኖር ቶኩዞ የሚባል ሰው ነበረ። ሚስቱ ኦሺኖ ቀበሮ ነበረች፤ ወድዳው ነው ሰው የሆነችው። እኛ ፀሐይ እየወጣ ሲዘንብ «ጅብ ወለደች» እንላለን፤ በዚያ አገር «ቀበሮ ተዳረች» ይላሉ። ኦሺኖ የመጣችው እንዲህ ባለ ቀን ነበር፤ ቶኩዞ ግን በፍቅር ታውሮ ልብ አላለም። ሴት ልጅም ወለዱ።

እናቱ ኦታኪ ግን ያውቁ ነበር። ምራታቸው ወንዝ ወርዳ ልጣጭ ስታጥብ፣ ውሃው ላይ የቀበሮ ፊት አይተዋል።

«አይዞሽ፣ አልናገርም» አሏት። «ካንቺ ሌላ ሴት ልጅ የለኝም።»

ስድስት ዓመት ዝም አሉ።

በስድስተኛው ዓመት በረዶው በርትቶ እህል አለቀ። ልጅቱ መነመነች። ያኔ ቀበሮው የኦሺኖ ወንድም ከጫካ እየወጣ ጎህ ሲቀድ ሥጋ ደጃፉ ላይ ይጥልላት ጀመር።

«ተው አትምጣ፤ ዱካህ ይታያል» አለችው።

«የእህቴ ልጅ ስትራብ ዝም ብዬ ልይ?» አለና መምጣቱን አልተወም። ልጅቱ በዚያ ሥጋ ተረፈች።

ቶኩዞ በረዶው ላይ የቀበሮ ዱካ አየ። በዚያ አገር ቀበሮ ደጃፍ የምትመላለሰው ሰው ልትለክፍ ነው ይባላል። ለሚስቱና ለልጁ ፈራ። ሁለት ቀን በእግሩ ተጉዞ አዳኝ ውሻ ይዞ ተመለሰ።

«ከእንግዲህ ማንም አይነካሽም» አላት፣ ገመዱን እየፈታ።

ኦታኪ ከምድጃው አጠገብ ብድግ አሉ። ሊናገሩ አፋቸውን ከፈቱ፤ ግን ዘገዩ፤ ውሻው ኦሺኖ ላይ ዘለለ። ደጃፉ ላይ የወደቀችው ቀበሮ የኦሺኖን ኪሞኖ ለብሳ ነበር።

ይህን ታሪክ ስናገር ሆዴ ይባባል። አንድ ክፉ ሰው ቢገኝበት፣ እሱን ረግሜ ይቀለኝ ነበር።

ቶኩዞ ውሻውን በገዛ እጁ ገደለው። «ልጄን ለማንም አልሰጥም» አለ።

«የእናቷን ምሥጢር ጠብቄያለሁ፤ የሷንም እጠብቃለሁ» አሉ አያቷ።

«ከኔ ጋር ትሂድ» አለ ቀበሮው አጎቷ ከዛፎቹ መሐል። «የእናንተ ሰፈር ውሻ አያጣም።»

እውነቱን ነው፤ የጎረቤት ውሾች ልጅቱን ባዩ ቁጥር ማጉረምረም ጀምረዋል። ጫካው ደግሞ በረዶ ነው፣ እሷም ገና የቀበሮ ፀጉር አላበቀለችም። እናቷ የወደቀችበት ደጃፍ ላይ ተቀምጣ፣ ቀድሞ የሚመጣላትን ትጠብቃለች። ሦስቱም ወደዷት፤ እናቷንም የገደላት የሦስቱ ፍቅር ነው።

እስቲ ፍረዱ፤ ልጅቱ ለማን ትገባለች?