የከርከሮ በርጩማ

ተረት ተረት፤ በረቱን ዝጉና ስሙኝ።

ጎርፍ በየክረምቱ አፈሩን እየጠረገ የሚወስድበት አንድ ኮረብታ ነበር። ሣሩ ሲሳሳባቸው እንስሳቱ መከሩና፣ «አፈር በመገልበጥ ከርከሮን የሚስተካከል የለም» ብለው የእርከን ሥራ አለቃ አደረጉት። ከርከሮ ግን በርጩማ ተሰጥቶት ከኮረብታው ግርጌ ቁጭ ካለ ወዲያ አፍንጫውን አፈር አላስነካም።

«ጌታዬ፣ ክረምቱ ደረሰ እኮ፤ መቼ ሊቆፍሩ ነው?» አለችው ኤሊ።

«አለቃ ይቀመጣል እንጂ ይቆፍራል እንዴ?»

ዝናቡ ጣለ። ጎርፉ እየደነፋ ወደ በርጩማው ሲመጣ ከርከሮ ብድግ አለና፣ በአንድ ትንፋሽ ቆፍሮ፣ አፈሩን ከምሮ፣ ረጅም እርከን አበጀ። በርጩማው ተረፈ።

በማግስቱ ኤሊ በርጩማውን ጎትታ ጎትታ ከፍ ወዳለ ቦታ አወጣችው። «ለአለቃ የሚስማማው የዚህኛው ቦታ አየር ነው» አለች። እዚያም ጎርፍ መጣ፤ ከርከሮ እያጉረመረመ ቆፈረ። ኤሊ በነጋ በጠባ ለአለቃዋ የተሻለ አየር ስታገኝ ክረምቱ አለፈ።

መስከረም ሲጠባ ኮረብታው ከግርጌ እስከ አናቱ እርከን በእርከን ሆኖ ሣሩ ተንዠረገገ። ከርከሮ በርጩማው ላይ ተቀምጦ፣ አፍንጫው ላይ የደረቀውን ጭቃ እየፈቀፈቀ በረጅሙ ተነፈሰ።

«ይህን በርጩማ ስጠብቅ ክረምቱ አለቀብኝ እንጂ፣ ስንት ሥራ እሠራ ነበር!»