አያ ጅቦ የበላው መጥሪያ

አንድ ጊዜ፣ ወንዞቻችን ክረምት ከበጋ ሞልተው በሚፈሱበት በዚያ ደግ ዘመን፣ እመት አህያና አያ ፈረስ አንድ የውሃ ወፍጮ በጋራ ነበራቸው። ያወረሰቻቸው የሁለቱም ዘመድ የሆነችው አሮጊቷ አክስታቸው በቅሎ ናት፤ የሰጠቻቸውም እኩል ለእኩል ነው።

አክስት በቅሎ በሕይወት ሳለች አንድ ደንብ ነበራት። ስለ ወፍጮው ነገር ሲወሰን ሁለቱንም ወፍጮው አጠገብ ካለው ሾላ ሥር ታስቀምጣለች፤ ፈረስ ተናግሮ ሲጨርስ ወደ አህያ ዞር ብላ «አንቺስ ምን ትያለሽ?» ትላታለች። አህያ ብዙ ጊዜ የምትለው አልነበራትም። «ደህና ነው» ብላ ጆሮዋን ታርገበግባለች፤ ግን መጠየቋ ብቻ ቀኑን ሙሉ ደስ ሲያሰኛት ይውላል። አይ ጊዜ! አክስት በቅሎ ሞተች፤ ጥያቄውም አብሯት ተቀበረ።

አያ ፈረስ ስብሰባውን ወደ ገበያ ቀን አዛወረው። በገበያ ቀን ደግሞ አህያ ዱቄት ጭና መንገድ ላይ ናት። አንድ ቀን ደክሟት ስትመለስ ወፍጮው ደጃፍ ላይ ቆሞ ጠበቃት።

«ዛሬ ተሰብስበን ወስነናል» አላት። «ከእንግዲህ አንቺ ተሸካሚ እንጂ ባለቤት አይደለሽም።»

«ከማን ጋር ተሰብስበህ ነው፣ አያ ፈረስ?»

«ከራሴ ጋር!»

አህያ አለቀሰች። ያስለቀሳት ሸክሙ አይደለም፤ ሾላው ሥር የነበራት ቦታ ነው። በማግስቱ ቀበሮን ጠበቃ ይዛ አንበሳ ችሎት ሄዳ ከሰሰች። አንበሳም በፍየል ብራና መጥሪያ አስጽፎ፣ ለፈረስ እንዲያደርስ ለችሎቱ መልእክተኛ ለአያ ጅቦ ሰጠው። ወይ አንበሳ! የፍየል ቆዳ ለጅብ አደራ ይሰጣል?

ቀጠሮው ደረሰ፤ ፈረስ የለም።

«መጥሪያውን ሰጥተኸዋል?» አለ አንበሳ።

«እንዴታ ጌታዬ!» አለ ጅቦ ሆዱን እያሻሸ። ከጥርሶቹ መሀል የብራና ቁራጭ ተሰክቶ ይታያል። አህያ አየችው። ቀበሮም አየው፤ ፈጥኖም ወደ ጆሮዋ ተጠጋ።

«ዝም በይ!» ሲል ሹክ አላት። «ፈረስ ባይመጣ ምን ገደደሽ? አሁን ወፍጮው በሙሉ ያንቺ ሊሆን ነው። ደግሞስ ጅብን ማስቀየም ለአህያ ያዋጣል?»

አንበሳ ተቆጥቷል። «ችሎቴን ንቆ ከቀረ» አለ፣ «ወፍጮው እንዳለ...»

አህያ ጅቦን ፈርታለች። ወፍጮውንም ትፈልገዋለች፤ ምን ይደበቃል፣ በጣም ነው የምትፈልገው። ግን ሾላው ትዝ አላት። አክስቷ ብትኖር ኖሮ ይሄኔ ዞር ብላ የምትጠይቀው ፈረስን ነበር።

«ጌታዬ፣ ይቆይልኝ!» ብላ ጮኸች። «ፈረስ አልተጠራም። መጥሪያው ይኸው አያ ጅቦ ጥርስ ላይ አለ። እኔ የከሰስኩት በሌለሁበት ተወሰነብኝ ብዬ ነው፤ እሱ በሌለበት ቢፈረድልኝ እንዴት እንቅልፍ ይወስደኛል?»

ሁሉም ጅቦን አዩት።

«ጨው እንኳ አልነበረውም» ሲል ጅቦ አጉረመረመ።

አንበሳ ጅቦን ከሥራ አባረረ፤ ፈረስንም በሌላ መልእክተኛ አስጠራ። ፈረስ ጋማውን እየነሰነሰ መጥቶ ቃሉን ሰጠ።

«አክስታችን በሞተች ሰሞን ጎርፉ የወፍጮውን ቦይ ሲንደው ብቻዬን ነው የጠገንኩት» አለ። «አንድ ቀን አይዞህ ያለኝ አልነበረም። ብቻዬን ከሠራሁ ብቻዬን ልወስን አልኩ።»

አህያ ይህን አላወቀችም ነበርና ደነገጠች። አንበሳ ደግሞ ፍርዱን ማን እንዳስቆመለት ለፈረስ ነገረው። ቀበሮ ይሄኔ ሹልክ ብሎ ወጣ። ፈረስ አንገቱን ደፋ። ከዚያም ወደ አህያ ዞር አለ።

«አንቺስ» አላት፣ «ምን ትያለሽ?»

አህያ እንባዋ ቀደማት። «ስለ ቦዩ አይዞህ ሳልልህ ቀርቻለሁ፤ ይቅር በለኝ» አለች። «ስብሰባው ግን ከገበያ ቀን ይነሳልኝ።»

አንበሳም የገበያ ቀኑን ውሳኔ ሻረ፤ ወፍጮው እንደ ድሮው እኩል ለእኩል ሆነ፤ ሁለቱ ሾላው ሥር ሳይቀመጡ ምንም እንዳይወሰን አዘዘ። በሚቀጥለው ስብሰባ አህያ ስትጠየቅ ጆሮዋን አርገብግባ «ደህና ነው» አለች።

ከዚህ የምንማረው፣ በሌለንበት ሲፈረድብን የሚከፋን ሁሉ፣ የሌላው ቃል ሳይሰማ ሊፈረድልን ሲልም «ይቆይልኝ» ማለት እንዳለብን ነው።